ለአባትሽ እንዳትነግሪው

ሰኞ 6

ዛሬም መብራት ሄደ። ከምሽቱ አንድ ሰዓት ከሩብ ላይ፣ የሒሳብ የቤት ሥራዬ ሦስተኛ ጥያቄ ላይ። በሦስተኛው ጥያቄ አላዘንኩም። ያናደደኝ ከታች የመጣው ድምፅ ነው። ጋሼ አጀንዳ በረንዳቸው ላይ ቆመው፣ “ቁልፍ የያዘው ሰው የት ነው ያለው?” ይላሉ። ቁልፍ የያዘው ሰው አባቴ ነው። ሃያ ዓመት አብረውት ኖረዋል፤ ሲናደዱ ግን የሰው ስም ይጠፋባቸውና የሥራ መደቡ ብቻ ይቀራል።

ጋሼ አጀንዳ የሕንፃችን ኮሚቴ ሊቀ መንበር ናቸው። ጡረታ ከወጡ ወዲህ ሰላምታም በተራ ቁጥር ነው የሚሰጡት። “አንደኛ፣ እንዴት አደርሽ። ሁለተኛ፣ ትምህርት ቤት አልረፈደብሽም?”

አባዬ የእጅ ባትሪውን ይዞ እስከ ጣሪያው ወጣ፤ የሶላሩን ማሽን አጥፍቶ አበራው፤ ወረደ። ደረጃው ላይ ማንም “እግዜር ይስጥልኝ” አላለውም። ከሁለት ወር በፊት ይሉት ነበር።

ማክሰኞ 7

እዚህ ደብተር ላይ እውነቱን ብቻ ልጻፍ ብያለሁና ከሥሩ ልጀምር።

የከተማው መብራት ማታ ማታ ስለሚቋረጥ ከሦስት ዓመት በፊት የሕንፃው ሰው ተሰብስቦ ጣሪያው ላይ ሶላር አስተከለ። ሃያ አራት ቤት፣ አንድ ጣሪያ፣ አንድ የባትሪ ክፍል። አባዬ ምድር ቤት የኤሌክትሪክ ዕቃ ሱቅ ስላለው የክፍሉ ቁልፍ ለእሱ ተሰጠ። ደመወዝ የለውም። ሕጉ አንድ ነበር፦ ሶኬት ላይ የሚሰካ ነገር ሁሉ ከአባዬ ሱቅ ይገዛል። ሱቁን ለመጥቀም ተብሎ አይደለም። አባዬ የሸጠውን ዕቃ ዋት በየቤቱ ደብተር ላይ ይጽፋል፤ ስለዚህ ሕንፃው በአንድ ምሽት ምን ያህል እንደሚበላ ያውቃል። የየቤቱን ሆድ ዕቃ ያውቃል ብል ይሻላል።

ካውያ በተራ ነው። ሰኞ አንደኛ ፎቅ፣ ማክሰኞ ሁለተኛ፣ እንዲህ እያለ ይወጣል። በሌላ ሕንፃ ሰው ልብሱ ከተጨማደደ ቸልተኛ ነው ይባላል። በእኛ ሕንፃ ገና ተራው አልደረሰም ማለት ነው።

ሦስት ዓመት ሙሉ አንድም ቀን መብራት ሄዶ አያውቅም። አሁን ይሄዳል። ለምን እንደሚሄድ አላውቅም።

(እውነቱን ብቻ ብዬ ነበር። እሺ፤ በእርግጠኝነት አላውቅም።)

ሐሙስ 9

ከትምህርት ቤት ስመለስ እትዬ ቅናሽ ሱቅ ነበሩ። እትዬ ቅናሽ የሦስተኛ ፎቅ ጎረቤታችን ናቸው፤ ቅናሽ አለ ከተባሉ የማያስፈልጋቸውን የሐኪም ምርኩዝ ይገዛሉ። የኤሌክትሪክ ማንቆርቆሪያ አስወረዱ። ክዳኑን ከፈቱ፤ ዘጉ። “በስንት ደቂቃ ይፈላል?” አባዬ ሰክቶ አሳያቸው። በፈላው ውሃ ሻይ አፍልቶ ጋበዛቸው። ጠጡ። ከዚያ አባዬ ደብተሩን ገልጦ፣ “እትዬ፣ ይሄ በጣም ይበላል፤ ምሽት ላይ ባይሰኩት ነው የሚሻለው፤ ጠዋት ጠዋት ብቻ” አላቸው። “እንግዲያው ላስብበት” ብለው ወጡ።

ደረጃው ላይ ጠበቁኝ።

“ነይ እስቲ የኔ ቆንጆ። ያ ስልክሽ ውስጥ ይሄ ዕቃ የለም?”

ነበረ። ዕቃ የማዝዝበት መተግበሪያ ላይ፣ በግማሽ ዋጋ።

“እዘዢልኝ። ለአባትሽ እንዳትነግሪው ብቻ፤ ይከፋዋል።”

አሳቢ ጎረቤት ማለት እሳቸው ናቸው።

አዘዝኩላቸው። ከሁለት ወር በፊት ለሁለት ሰው ጫማ በማዘዝ ነበር የጀመርኩት፤ ከዚያ ወሬው በደረጃው ወጣ። ለእያንዳንዱ ትእዛዝ ነጥብ ይሰጠኛል። መተግበሪያው “ወርቅ ደንበኛ” ብሎኛል። እናትና አባቴ በአሥራ ስድስት ዓመት ውስጥ ወርቅ ብለውኝ አያውቁም።

አንድ ማንቆርቆሪያ ነው። አንድ ማንቆርቆሪያ ምን ያመጣል?

ቅዳሜ 11

የታዘዘውን የሚያደርሰው ሞተረኛ ሦስት ሳጥን አመጣ። የሕንፃው ሰው ቀን ቀን ሥራ ላይ ስለሆነ ዕቃ ሁሉ አባዬ ሱቅ ነው የሚቀመጠው፤ ፈርሞ የሚቀበለው እሱ ነው። ለአቅመ ደካሞች ደግሞ ራሱ ተሸክሞ ያደርስላቸዋል።

አንዱን ሳጥን ሲያነሳው ተንኳኳ።

“ምንድነው?” አለኝ።

“ጫማ ነው።”

“ጫማ ከሆነ የሚንኳኳው ምኑ ነው?”

“ተረከዙ።”

ሳጥኑን ወደ ጆሮው አስጠግቶ ነቀነቀው። “በዚህ ተረከዝ የሚሄድ ሰው አቀበት አይፈራም” አለና ተሸክሞ ወደ ሦስተኛ ፎቅ ወጣ። እኔም ሳቅሁ። ከኋላው ሆኜ ነው የሳቅሁት። ሸሚዙ ጀርባው ላይ በላብ ተጣብቆ ነበር።

ሰኞ 13

ሄደ። አንድ ሰዓት ሳይሞላ።

ዝናብ። ሙሉ ቀን ደመና። ደመናው ነው። አባዬም ደመናው ነው ብሏል።

ረቡዕ 15

አባዬ አሁን በየጠዋቱ ጣሪያ ላይ ወጥቶ ፓኔሎቹን ይወለውላል፤ በካፊያም ቢሆን። ሳል ጀምሮታል። እማዬ ክሊኒክ ነርስ ናት፤ “የሰው ሳንባ ስወለውል ውዬ እቤት ስገባ ደግሞ ያንተን” አለችው። አልሳቀም።

ደረጃ ላይ የሰማሁት (አልደበቅሁም፤ የጫማዬን ክር እያሰርኩ ነበር፤ ረጅም ክር ነው)፦

“ሱቁን በእኛ ፀሐይ ነው አሉ የሚያበራው።”

“እንዴ፣ ያ ሁሉ አምፖል መስኮቱ ላይ በምን ይበራል ታዲያ?”

“እኔ ሰው አላማም። ግን ገበያ የለውም፤ ገበያ የሌለው ሰው የማያደርገው የለም።”

የመጨረሻው ድምፅ የእትዬ ቅናሽ ነው። ሰው አላማም ካሉ በኋላ ወሬያቸው ይጣፍጣል። ገበያ ለምን እንደሌለው ግን አልተናገሩም። እኔም ከደረጃው ሥር ሆኜ አላስታወስኳቸውም። ዝም አይነቅዝም ይባላል። አይነቅዝም፤ ግን ይሸታል።

ዓርብ 17

ወሬው አባዬ ጆሮ ደርሷል። ማን እንደነገረው አላውቅም። የሱቁን አምፖሎች ሁሉ አጠፋ። አሁን ጨለማ ውስጥ የእጅ ባትሪ ጭኑ ላይ አስቀምጦ ይቀመጣል። ዛሬ አንድ ሰው በሩ ላይ ቆሞ “ዝግ ነው?” አለና መልስ ሳይጠብቅ ሄደ። አምፖል የሚሸጥ ሰው ጨለማ ውስጥ ተቀምጦ ቢታይ ማን ይገባል።

አምፖሎቹ ከጠፉ በኋላም መብራት ሄደ።

ማታ የየቤቱን ገጽ እየገለጠ ደመረ፤ እንደገና ደመረ። “ይበቃል እኮ” ይላል ለራሱ። “እንደ ስሌቱ ቢሆን ይበቃል። ባትሪው ነው ያረጀው፤ ወይም እኔ ነኝ።” አባዬ ሰው አይጠረጥርም። ስሌቱን ይጠረጥራል፤ ባትሪውን ይጠረጥራል፤ ራሱን ይጠረጥራል። ደብተሩ ላይ ያልተጻፈ ነገር ሕንፃው ውስጥ የለም ብሎ ያምናል።

ልነግረው አፌን ከፈትኩ። “ሻይ ላምጣልህ?” ብዬ ዘጋሁት።

እሑድ 19

የአራተኛ ፎቅ ሙሽሮች ያለ ዘይት የሚጠብሰውን የኤሌክትሪክ መጥበሻ አሳዘዙኝ። ሲያወሩ እየተቀባበሉ ነው፤ እሱ “ለአባትሽ” ሲል እሷ “እንዳትነግሪው” ብላ ጨረሰች። ይኸው ትዳር።

ከሰዓት በኋላ ደግሞ ጋሼ አጀንዳ ራሳቸው። በዓይናቸው ወደ ደረጃው ጥግ ጠሩኝ። ስብሰባ ላይ የሚጮኸው ድምፃቸው ያን ያህል ዝቅ ሊል እንደሚችል አላውቅም ነበር።

“አንደኛ፣ ጉልበቴን ይበርደኛል። ሁለተኛ፣ ያ ትንሹ የክፍል ማሞቂያ አለ አሉ። ሦስተኛ…”

“ለአባዬ እንዳልነግረው።”

“ጎበዝ።”

እኚህ ሰውዬ ትናንት ማታ በረንዳ ላይ ቆመው “የሚበላው ማነው?” ሲሉ ነበር። እምቢ ማለት እችል ነበር። ነጥቡን ፈልጌ አይደለም፤ እምቢ ብል “ለምን?” ይሉኛል፤ ለምኑን ከመለስኩ ሁሉም ይወጣል። እያሳሳቀ የሚወስድ ውሃ እንዲህ ነው። እኔ ደግሞ ሳቅ ሲሉኝ የምቀድም ነኝ።

ማክሰኞ 21

እማዬ ፀጉር ማድረቂያ አሳዘዘችኝ።

“ንጋት ላይ በእርጥብ ፀጉር ስወጣ ያመኛል። አባትህ፣ ማለቴ አባትሽ…” ደክሟት ነበር፤ ሌሊቱን ቆማ ነው ያደረችው።

“አውቃለሁ” አልኳት። “አልነግረውም።”

ሐሙስ 23

ማስታወቂያው ዛሬ ደረጃው ሥር ተለጠፈ። የእሑድ ስብሰባ። ተራ ቁጥር አንድ፦ የመብራት መቆራረጥ። ተራ ቁጥር ሁለት፦ የጣሪያው ክፍል ቁልፍ ርክክብ። ርክክብ ብለው ነው የጻፉት፤ ተወስኖ አልቋል።

አባዬ መነጽሩን አድርጎ እስከ ፊርማው አነበበው። ወደ ሱቅ ገባና ለእማዬ ሲላት ሰማሁ፦ “ሱቁስ ይሁን፤ ጊዜው ነው። ሰው ከተመቸው ቦታ ይገዛል፤ በዚህ ሰው አይቀየምም። ቁልፉን ግን ሌባ ነው ተብዬ ልስጥ?”

የእማዬ ፀጉር ማድረቂያ ያን ሰዓት ቁም ሣጥን ውስጥ፣ ከክረምት ብርድ ልብሱ ሥር ነበር።

ዓርብ 24

እንቅልፍ እምቢ አለኝ። ስልኬን ከፍቼ የትእዛዝ ታሪኬን ከመጀመሪያው አየሁት። ጫማውን፣ መጋረጃውን ተውኩት። ሶኬት ላይ የሚሰካውን ብቻ በወረቀት አወረድኩ፦ ፎቅ፣ በር፣ ዕቃ፣ ዋት። ስጀምር ስድስት፣ ሰባት ይሆናል ብዬ ነበር።

አሥራ ዘጠኝ ሆነ። አራት ማንቆርቆሪያ፣ ሦስት ማሞቂያ፣ ሁለት ልብስ ማድረቂያ፣ መጥበሻው፣ ተራው ያልደረሰ ሰው በድብቅ የሚተኩስባቸው ካውያዎች… አንድ ማንቆርቆሪያ የሃያ ቴሌቪዥን ያህል ይበላል። አንድ ማንቆርቆሪያ ምን ያመጣል ብዬ ጽፌ ነበር፤ ገጹን አይቼዋለሁ። አልቀደድኩትም።

ሒሳብ አልወድም። ይህን ግን ሦስት ጊዜ ደመርኩት፤ ሦስቴም አንድ ዓይነት መጣ። ሰው ሁሉ ከሥራ ተመልሶ አንድ ላይ የሚሰካበት ሰዓት አንድ ሰዓት ገደማ ነው። መብራቱም የሚሄደው ያን ጊዜ ነው። ደመና አይደለም። ባትሪውም አላረጀም። አባዬም አልበላም።

ማንም ክፉ ሰው የለም እኮ። አንዷ ሻይ ፈለገች፤ አንዱ ጉልበቱን በረደው። እያንዳንዱ አንድ ብቻ ነው ያዘዘው። ሁሉንም የማውቀው እኔ ብቻ ነኝ።

ቅዳሜ 25

ሱቁ በር ላይ ሁለት ጊዜ ተመላልሼ በሦስተኛው ገባሁ።

“አባዬ።”

“ወዬ።”

“ይሄን እየው።”

በእጅ ባትሪው ብርሃን ቆሞ ማንበብ ጀመረ። አራተኛው መስመር ላይ ሲደርስ ተቀመጠ። እርሳስ አንስቶ ዳር ዳሩን ደመረና፣ እኔ በጭራሽ ያልጠበቅሁትን አደረገ፤ ፈገግ አለ።

“ስሌቱ ልክ ነበር” አለ። “ባትሪውም ደህና ነው።” ልጁ ከሕመም የተነሳለት ሰው ነበር የሚመስለው።

ከዚያ ወረቀቱን እንደገና አየው።

“ይሄ ሁሉ በማን ስልክ ነው የታዘዘው?”

“በእኔ።”

“ሁሉም?”

“ሁሉም።”

ጣቱ ወደ ታች ወረደ። አምስተኛ ፎቅ፣ ቀኝ በር። የእኛ ቤት ነው።

“እናትሽም?”

ወረቀቱን አራት ቦታ አጥፎ የሸሚዙ ኪስ ውስጥ ከተተው።

“ጫማ ነው ብለሽኝ ነበር” አለ። ቢቆጣኝ ኖሮ መልስ አዘጋጅቼ ነበር፤ ጥሩ ጥሩ መልሶች ነበሩ።

እሑድ 26

ስብሰባው ከሱቁ ፊት ለፊት፣ ደረጃው ሥር ነበር። ሰዉ ወንበሩን ከየቤቱ ይዞ ወረደ። ጋሼ አጀንዳ “አንደኛ” ብለው ጀመሩ። እትዬ ቅናሽ ሰው አላማም ብለው ቀጠሉ። ሙሽሮቹ ሻማ እያበሩ ራት መብላት እንደሰለቻቸው ተቀባብለው ተናገሩ። ሁሉም መሬት መሬት እያዩ ነው የሚያወሩት፤ ደግሞ በየመሃሉ እኔን ያዩኛል። ከአፌ የሚወጣውን እየጠበቁ እንደሆነ ገብቶኛል። አፌ በዚህ ሕንፃ የታወቀ ነው።

“መልስ ካለህ” አሉት ጋሼ አጀንዳ አባዬን።

አባዬ ተነሳ። እጁ ወደ ሸሚዙ ኪስ ሄደ። ወረቀቱ እዚያ ነው፤ ጠርዙ ይታየኛል። አሁን ያወጣዋል፣ ያነበዋል፣ ሁሉም ያፍራል፤ እኔም አፍራለሁ፣ ግን ያልቃል ብዬ ትንፋሼን ያዝኩ። አየኝ። እጁን ከኪሱ መለሰው።

“ሕንፃው ምን እንደሚጠቀም መከታተል አቅቶኛል” አለ። “ጥፋቱ የእኔ ነው። ቁልፉ ይኸው።”

ጋሼ አጀንዳ ቁልፉን ተቀብለው ኪሳቸው ከተቱት። ሰው ወንበሩን ተሸክሞ ወደየቤቱ ወጣ። እኔም ወንበሬን ተሸክሜ ወጣሁ። አንድ ቃል አልተናገርኩም።

በግድግዳ የሰማሁት፦

እማዬ፦ “ለምን አላወጣኸውም?”

አባዬ፦ “ምን ብዬ ላውጣው? የልጄን ስም ከላይ አድርጌ? ከፎቅ እስከ ፎቅ ‘ያዘዘችልን ልጅህ ናት’ እንዲሉኝ? ወይስ ያንቺን ላንብብላቸው?”

ከዚያ የማንም ድምፅ አልተሰማም። የእማዬ ለቅሶ ድምፅ የለውም፤ ከክሊኒክ የለመደችው ነው።

ሰኞ 27

አንድ ሰዓት ከአሥር ላይ ሄደ። ጋሼ አጀንዳ ቁልፉን ይዘው ወጡ፤ ማሽኑን ማስነሳት አልቻሉም። አባዬ ከሶፋው ብድግ አለ፤ የእጅ ባትሪውን አነሳ፤ ቆመ፤ መልሶ ተቀመጠ። ሕንፃው ሁሉ ጨለማ።

ትንሽ ቆይቶ ደረጃ ላይ፦ “አበላሽቶት ነው ያስረከበው አሉ።”

ማክሰኞ 28

ማሽኑ ጠዋት ፀሐይ ሲያገኝ በራሱ ተነሳ። ትምህርት ቤት አልሄድኩም። ዝርዝሩን ከስልኬ ላይ እንደገና ገለበጥኩት፤ በትልልቅ ፊደል፣ በትልቅ ወረቀት፣ መስመር በመስመር። ከላይ እንዲህ ብዬ ጻፍኩ፦

“ከዚህ በታች ያለውን ዕቃ ሁሉ በስልኬ ያዘዝኩት፣ አባቴንም ጫማ ነው እያልኩ የዋሸሁት እኔ ነኝ። መብራቱ የሚሄደው በዚህ ነው። አባቴ አንድም ዋት አልወሰደም። — የሱቁ ልጅ።”

አሥራ ዘጠኙንም አወረድኩ። የእኛን ቤት ጭምር፤ እማዬን ጠየቅኋት፤ “ጻፊው” አለችኝ። ከሥር ድምሩን፣ ከድምሩ ሥር ባትሪው የሚችለውን። ማስታወቂያው የነበረበት ቦታ ላይ ለጠፍኩት። ቴፑን ሦስቴ አበላሸሁት።

ቀኑን ሙሉ በሩን ዘግቼ ተቀመጥኩ። ደረጃው ላይ እግር ይመጣል፤ ይቆማል፤ ይሄዳል። የሚጮህ ሰው ይኖራል ብዬ ስጠብቅ ነበር። የተሰማኝ የወረቀት ድምፅ ብቻ ነው፤ ቀስ ተብሎ ሲቀደድ።

ሲመሽ ወረድኩ። እያንዳንዱ ሰው የራሱን መስመር ብቻ ቀዶ ወስዷል፤ የጎረቤቱን አልነካም። የእትዬ ቅናሽ በችኮላ ተገንጥሏል። የሙሽሮቹ ከሁለት በኩል ተቀዶ መሃል ላይ ተገናኝቷል። የጋሼ አጀንዳ በማስመሪያ ተይዞ ነው የተቀደደው፤ ጠርዙ ቀጥ ያለ ነው። የጎደለው ሁሉ የማን እንደሆነ ከነበረው ይበልጥ ይነበባል። የቀሩት ሦስት ናቸው፦ ከላይ የእኔ ቃል፣ መሃል ላይ ብቻዋን የተንጠለጠለች የእማዬ መስመር፣ ከሥር ድምሩ ባትሪው ከሚችለው ጋር። ድምሩ የማንም ስላልሆነ የወሰደው የለም።

መብራት ሄደ። ጨለማው ውስጥ እንደቆምኩ ከኋላዬ የእጅ ባትሪ በራ። አባዬ ሱቁን ዘግቶ መምጣቱ ነው። ብርሃኑን ወረቀቱ ላይ አድርጎ ከላይኛው ቃል ጀመረ። ረጅም አይደለም፤ እሱ ግን ብዙ ቆየበት። እኔ እግሬን ነው የማየው። ቀዶ ያነሳዋል፣ አጥፎ ኪሱ ይከተዋል፣ “ይብቃ፣ ነይ እንግባ” ይለኛል ብዬ ጠበቅሁ።

“ይሄኛው ጥግ አልያዘም” አለ፤ ቴፑንም በአውራ ጣቱ ተጭኖ እስኪጣበቅ ያዘው።